አርባ ሣጥን ቁልፍ

ስልክ ማዞሪያችን ውስጥ እውነተኛ ስሟን የሚያውቀው የደመወዝ መዝገቡ ብቻ ነበር። ለቀረነው «ሃሎ» ናት። በር ሲንኳኳ «ሃሎ!»፣ ሰው ከኋላ ትከሻዋን ሲነካት «ሃሎ!»። የመጀመሪያ ልጇን በተገላገለች ጊዜ እንኳ አዋላጇ ሕፃኑን ብታሳያት «ሃሎ፣ ማን ልበል?» አለች ብለው ጎረቤቶቿ ይምላሉ። ታናናሾቿ «እትዬ ሃሎ» ይሏታል። ባሏ ሰዓት ሠሪውም ተቆጥቶ ካልሆነ በቀር በሌላ ስም አይጠራትም፤ እሱ ደግሞ ሲቆጣ አይቼው አላውቅም።

እኔ አጠገቧ ባለው ወንበር አሥራ አንድ ዓመት ተቀምጫለሁ። ይህን ታሪክ ግማሹን በዓይኔ አይቼዋለሁ፤ ግማሹን ደግሞ እሷ ሳቋ እያቋረጣት፣ እንደገና ከሥር እየጀመረች ነግራኛለች። መቼም ስትስቅ አንድ ወሬ በአንድ ቀን አያልቅላትም።

ክፍላችን ረጅምና ጠባብ ነው። በአንድ በኩል ቀዳዳ በቀዳዳ የሆነ ጥቁር ሰሌዳ ከግድግዳ እስከ ግድግዳ ተዘርግቷል፤ በሌላው በኩል ሦስት መስኮቶች አሉ። አሥራ ሁለት ሴቶች ማዳመጫችንን ራሳችን ላይ ደፍተን ሰሌዳው ፊት በመደዳ እንቀመጣለን። መብራት ብልጭ ሲል ሽቦ መሰካት፣ «ሃሎ፣ ማንን ልስጥዎት?» ማለት፣ ማገናኘት፤ ሦስት ደቂቃ ሲሞላ ደግሞ «ሦስት ደቂቃ ሞልቷል፤ ይቀጥላሉ?» ብሎ መጠየቅ ነው ሥራችን። የስንቱን ባለሥልጣን ድምፅ እናውቃለን፤ ፊቱን ግን መንገድ ላይ ብናገኘው አንለየውም።

ሁላችንም የየራሳችን መስመር አለን። የሃሎ ዘጠኝ ቁጥር ነበር። ዘጠኝ ቁጥር የሚሄደው ከባሕር ማዶ፣ ከዚያ ማዶም ሌላ ባሕር ተሻግሮ ወዳለ አገር ነው። እኛ ጠዋት ሥራ ስንገባ እነሱ ከሥራ ይወጣሉ። የአገሩን ስም አጣርቶ መጥራት የሚችል ሰው ስላልነበረን አገሩንም «ዘጠኝ ቁጥር» እንለው ነበር። የሚደውልለት ሰው ብርቅ ነው። ልጁን ለሕክምና ትምህርት እዚያ የላከ አንድ አባት በየወሩ ይደውላል፤ እሱም «በልተሃል ወይ?» ብሎ ይዘጋል። ሁለቱ መንግሥታት ደግሞ በዓመት አንዴ የሰላምታ ደብዳቤ ከመላላክ ያለፈ ጉዳይ አልነበራቸውም። ከስምንት ዓመት በፊት አንድ የንግድ ሥራ ጀምረው ነበር ይባላል፤ ምኑ እንደተበላሸ ግን አጥርቶ የሚያውቅ የለም። «ሰደቡን» ይሉ ነበር የእኛዎቹ።

ይሁንና ደንብ ደንብ ነው። ሰው ደወለም አልደወለም መስመሩ ጠዋት ጠዋት በሁለት ሰዓት ይፈተሻል። አፈታተሹም እንዲህ ነው፤ ከወዲህ ያለችው ኦፕሬተር በራሷ ቋንቋ ከአንድ እስከ አሥር ትቆጥራለች፣ ከወዲያ ያለችውም በራሷ ትቆጥራለች። ድምፁ ጥርት ብሎ ከተሰማ መስመሩ ደህና ነው። ለዚህ ሩብ ሰዓት ተፈቅዷል። ከአንድ እስከ አሥር ለመቁጠር ሩብ ሰዓት! ደንቡን ያወጣው ሰው ወይ ተብታባ ነው፣ ወይ ደግ ነው።

ሃሎ በመጀመሪያው ሳምንት የነዚያን ቁጥር ያዘችው። በሁለተኛው ሳምንት ደፍራ በእነሱ ቋንቋ ብትቆጥር፣ ሰባት ላይ ስትደርስ ከወዲያ ያለችው ሴት በሳቅ ፈነዳች። ለካ በዚያ ቋንቋ ድምፅን ትንሽ ከፍ ካደረጉት «ሰባት» የሚለው ቃል «አማቴ» ይሆናል። ሃሎ ሳምንቱን ሙሉ «አምስት፣ ስድስት፣ አማቴ፣ ስምንት» እያለች ስትቆጥር ከርማለች።

ወዳጅነታቸው ከዚያች ቀን ጀመረ። የዓለም ኦፕሬተሮች ሁሉ የሚግባቡባቸው ሃያ ያህል ቃላት አሉ፤ «ይጠብቁ»፣ «ይድገሙት»፣ «ተቋረጠ» የመሳሰሉ። በእነዚያ ተነሡ። ሲያቅታቸው ዕቃውን ራሱን ያሰሙ ነበር፤ ኩባያ ያንኳኳሉ፣ ወረቀት ይቀድዳሉ፣ ያስነጥሳሉ። ከቁጥር ወደ ዝናብና ፀሐይ ተሻገሩ፤ ከዚያ ወደ ጉንፋን፣ ከጉንፋን ወደ ልጆች፣ ከልጆች ወደ እውነተኛዋ አማት። ወሬው አማት ላይ ሲደርስ ቋንቋው እንደ ጎርፍ ገባ ትላለች ሃሎ። ሴትዮዋን «የማዶዋ» እያልን ሁላችንም አወቅናት። የዓሣ አስጋሪዎች ሰፈር ልጅ ናት፤ ባሏ መርከብ ላይ መካኒክ ነው። መንታ በወለደች ጊዜ ሃሎ ከወንበሯ ብድግ ብላ «ሁለት ናቸው! ሁለቱም ሴት!» ብትል አሥራ ሁለታችንም አጨበጨብን። ሰዓት ሠሪውም ሱቁ ውስጥ አንዱን የግድግዳ ሰዓት በማዶዋ አገር ሰዓት ሞልቶ ሰቀለው፤ ደንበኞቹ «ይኼ ተበላሽቷል» ሲሉት «እሱ አልተበላሸም፣ ራቅ ያለ ነው» ይላቸዋል።

የግል ወሬ በመስመር ላይ ክልክል ነው። የፈረቃ አለቃችን፣ ቀኑን ሙሉ «ጸጥታ!» ስለሚሉ «ጋሼ ጸጥታ» የምንላቸው፣ በዚህ ጉዳይ ቀልድ አያውቁም። አንድ ጠዋት ከኋላዋ መጥተው ቆሙ።

«ምን ትላለች?»

«እየቆጠረች ነው ጋሼ።»

«ምን ያስቃታል ታዲያ?»

«ሰባት ላይ ስትደርስ ሁልጊዜ ያስቃታል።»

ጋሼ ጸጥታ አገጫቸውን ይዘው አሰቡና፣ «የሰው አገር ሰው፣ ምን ይታወቃል» ብለው ራሳቸውን እየነቀነቁ ሄዱ። እኔ ከሳቄ የተነሣ አንዱን ነጋዴ ከነጋዴ ሳይሆን ከእሳት አደጋ መሥሪያ ቤት ጋር አገናኘሁት።

እንዲህ እያልን ሳለን በአሥራ አንደኛው ዓመት ሬዲዮው ከዘጠኝ ቁጥር የንግድ ልዑካን ሊመጡ ነው አለ። ንግዱ እንደገና ሊሞከር ነው። መንገዱ ተጠረገ፣ ባንዲራ ተሰቀለ፣ የንግድ ሚኒስቴሩ ደረጃ ታጠበ። አንድ ነገር ግን ጎድሎ ነበር፤ አስተርጓሚ። በአገሩ ሁሉ ተፈልጎ የተገኙት አንድ ሽማግሌ ሊቅ ብቻ ናቸው። እሳቸውም ቋንቋውን የተማሩት ቤተ መጻሕፍት ተቀምጠው ከአንድ የሦስት መቶ ዓመት መጽሐፍ ነው፤ ሰው ሲናገረው ግን በጆሯቸው ሰምተው አያውቁም።

ጉድ የፈላው ገና በሰላምታው ነው። ሊቁ ተነሥተው፣ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው፣ በሚያምር ድምፅ አንድ ዐረፍተ ነገር ተናገሩ። እንግዶቹ እርስ በርስ ተያዩ። በኋላ እንደተረዳነው ያሏቸው «ጦር ተሸካሚዎች ሆይ! ፈረሶቻችሁ ሣር አግኝተዋልን?» ነበር። እንግዶቹም ጨዋዎች ናቸውና «በአውሮፕላን ነው የመጣነው፣ እግዜር ይስጥልን» ብለው መለሱ። «አውሮፕላን» የሚለው ቃል ደግሞ መጽሐፉ ውስጥ የለም፤ ሊቁ «በትልቅ ወፍ ላይ ተቀምጠው መጥተዋል» ብለው ለሚኒስትሩ አስረዱ። አንድ ሰዓት ሙሉ እንዲህ ቀጠለ። የእንግዶቹ አለቃ፣ ቁመቱ በር የሚያክል ድምፁ ግን ቀጭን የሆነ ሰውዬ፣ ሲመረው ተነሣና ጆሮው ላይ እጁን አድርጎ የስልክ ምልክት አሳየ። ወደ አገሩ ደውሎ «ምን ላድርግ?» ሊል ነው።

ዘጠኝ ቁጥር ብልጭ አለ።

«ሃሎ፣ ማንን ልስጥዎት?» አለች ሃሎ።

ሰውዬው በተሰባበረ አነጋገር «እኔ… አገር… መስመር… እባክ…» ይላል። የአነጋገሩ ቃና ግን አልጠፋትም። ሳታስበው በራሱ ቋንቋ «አይዞህ ልጄ፣ አትቸኩል፣ ቁጥሩን ቀስ አድርገህ ስጠኝ» አለችው። ከዚያ እያለቃቀሰ ይሁን እየሳቀ ባልለየለት ድምፅ «አክስቴ?» አላት።

«አክስትህ አይደለሁም፤ ዘጠኝ ቁጥር ነኝ።»

ነገሩ ወዲህ ነው። ሃሎ ቋንቋውን የለመደችው ከማዶዋ ስለሆነ፣ የምትናገረው እንደ ቤተ መንግሥት ሰው ሳይሆን ዓሣ አስጋሪዎቹ ሰፈር ካሉት ሴቶች እንደ አንዷ ነው። ይኼ ትልቅ ሰው ደግሞ እናቱ ሞተውበት በዚያው ሰፈር በሦስት አክስቶቹ እጅ ያደገ ኖሯል። በትልልቅ ስብሰባዎች ሲኖር ሃያ ዓመት ያን አነጋገር ሰምቶት አያውቅም። አሁን በሰው አገር፣ ፈረሶችህ ሣር በሉ ወይ ሲባል አርፍዶ፣ አክስቱ ከስልክ ውስጥ «አይዞህ ልጄ» አለችው። የሚደውልበትን ጉዳይ ረስቶ ስለ ጤንነቷ ጠየቃት፣ እሷም ስለ ጤንነቱ ጠየቀችው፤ ሦስት ደቂቃ ሞላ፤ ዘጋች።

«ምን ሆነሽ ነው ፊትሽ እንዲህ የሆነው?» አልኳት።

«አንድ ሰውዬ ሳይታመም አልቀረም» አለችኝ።

ሰውዬው ወደ አዳራሹ ተመልሶ «ስልክ ውስጥ ያለችው ሴት ካልመጣች አንድ ቃል አልናገርም» አለ። ሊቁ ይኼን ሲተረጉሙ «በጅማት ውስጥ የምትኖረውን ነፍስ አምጡልኝ ይላል» አሉ። የፕሮቶኮል ሹሙ ጅማቱ የስልክ ሽቦ፣ ነፍሷም የመንግሥት ሠራተኛ መሆኗን ለማወቅ ግማሽ ሰዓት ፈጀበት።

አምስት ሰዓት ላይ ጥቁር መኪና በራችን ላይ ቆመ። ሱፍ የለበሰ ሰው ገብቶ «ዘጠኝ ቁጥር ላይ የሚሠሩት የትኛዋ ናቸው?» አለ። ክፍሉ ክው አለ። ሃሎ ብድግ አለች፤ ከንፈሯ አመድ መስሏል። የአሥራ አንድ ዓመት ወሬ ዛሬ ተደረሰበት፤ ሁላችንም ያሰብነው ያንኑ ነው። ጋሼ ጸጥታ ከጥግ ሮጠው መጥተው በሰውዬውና በሷ መካከል ገቡ።

«ጥፋቱ የእኔ ነው ጌታዬ! ስትስቅ እሰማ ነበር፤ ቁጥር ነው አለችኝ፣ እኔም አመንኳት። የሁለት ልጆች እናት ናት!»

«የምን ቁጥር?» አለ ሰውዬው።

«ሰባት» አሉ ጋሼ ጸጥታ።

ሰውዬው ለመረዳት ሞከረና ተወው። ወደ ሃሎ ዞሮ «ቋንቋቸውን ያውቃሉ ይባላል፤ እውነት ነው?» አላት።

«ኧረ እኔ ብዙም… የቤት የቤቱን ነው።»

«የቤት የቤቱ ይበቃል። ሚኒስትሩ ይፈልጉዎታል።»

ሃሎ ሽቦዋን ከሰሌዳው ነቅላ ተከተለችው። ማዳመጫው ግን ራሷ ላይ እንዳለ ነው። ሁላችንም አይተናል፤ በድንጋጤ አንዳችንም አልነገርናትም። ሁለት ክንድ የሚሆን ሽቦ እንደ ጅራት ከኋላዋ እየተጎተተ መኪናው ውስጥ ገባች።

አዳራሹ ውስጥ በረጅም ጠረጴዛ ዙሪያ አሥራ ስድስት ሰዎች ተቀምጠዋል። አሥራ ስድስት ፊት፣ ሠላሳ ሁለት ዓይን። የሰው ፊት እሳት ነው ሲባል የሰማችው ነገር ያን ቀን ገባት። ዕድሜዋን ሙሉ ግድግዳ ላይ ላለ ቀዳዳ ስትናገር ኖራ፣ አሁን ቀዳዳዎቹ ጢም አውጥተው ያዩዋታል። ሚኒስትሩ «እንግዲህ ይጀምሩ» አሏት፤ ዝም። የእንግዶቹ አለቃ «አክስቴ» አላት በቀስታ፤ ዝም።

ከዚያ እጇ ወደ ራሷ ሲሄድ ማዳመጫውን አገኘችው። ወንበሯን አነሣች፤ አዞረችው፤ ለሁሉም ጀርባዋን ሰጥታ ከግድግዳው ጋር ፊት ለፊት ተቀመጠች። የሽቦውን ጫፍ ኪሷ ውስጥ ከተተች። ማዳመጫውን አስተካክላ፣ ዓይኗን ጨፍና፣

«ሃሎ፣ ይሰማል?» አለች፤ አንዴ በእኛ ቋንቋ፣ አንዴ በነሱ።

ከጀርባዋ ከሁለቱም በኩል «ይሰማል!» የሚል መልስ መጣ።

ከዚያ በኋላ ማን ይቻላት! ቃሉ ከአንዱ አፍ ሳይወድቅ ለሌላው ታቀብላለች። የእንግዶቹ አለቃ በደስታ ጠረጴዛውን ይመታል። በዓሣ አስጋሪ ሴት አነጋገር «ክቡርነታቸው ዕቃችሁን ያሳያችሁ እንደሆን እሰየው፣ ካልሆነ ግን መንገዱን ጨርቅ ያድርግላችሁ ይላሉ» ስትለው፣ እንዲህ ያለ ዲፕሎማሲ ሰምቶ አያውቅም። ሚኒስትሩም ተበረታቱና አሥራ አራት ገጽ ንግግራቸውን አውጥተው «ሁለቱ ሕዝቦች ከጥንት ጀምሮ…» ብለው ጀመሩ። አንድ ገጽ ሄዱ፤ ሁለተኛውን ገለጡ። ሃሎ ዓይኗን እንደጨፈነች፣ በዚያው በለመደችው ድምፅ፣

«ሦስት ደቂቃ ሞልቷል፤ ይቀጥላሉ?» አለች።

የፕሮቶኮል ሹሙ ደረቱን ያዘ። ሃሎ ያለችውን የሰማችው ካለችው በኋላ ነው፤ ጆሮዋ ጋለ፤ ዞራ ይቅርታ ለመጠየቅ አንገቷ እምቢ አላት። ሚኒስትሩ ሃያ ዓመት ሲናገሩ እንዲህ ብሎ የጠየቃቸው ሰው የለም። የቀሩትን አሥራ ሁለት ገጾች አዩ፤ ግድግዳውን የምታየውን ሴት አዩ።

«አይ…» አሉ፣ «በቃኝ።»

እንግዶቹ አጨበጨቡ። የእኛዎቹም ግራ ቀኝ ተያይተው አጨበጨቡ፤ ከሁሉ ጠንክሮ ያጨበጨበው ንግግሩን የጻፈው ጸሐፊ ነበር። ከዚያ ወዲያ ማንም ሰው ከሦስት ደቂቃ በላይ አልተናገረም። እስከ ምሳ ድረስ ቆዳውም፣ ሰሙም፣ የውኃ መሳቢያ ሞተሩም መስመር ያዘ።

ምሳ ሊሉ ሲነሡ ነው የእንግዶቹ አለቃ ፊቱን ያከበደው። «ከመነሣታችን በፊት አንድ ነገር ልጠይቅ» አለ። «ስምንት ዓመት ሆኖኛል በሆዴ ከያዝኩት። የላክንላችሁን አርባ ሣጥን ቁልፍ ለምን ወደብ ላይ ጥላችሁ የስድብ ደብዳቤ ጻፋችሁልን?»

ሃሎ ተረጎመችው። የሚኒስትሩ ፊት ጠቆረ።

«እነሱ ናቸው የሰደቡን! አዲስ የልብስ ፋብሪካ ከፈትን፤ አርባ ሣጥን ቁልፍ አዘዝን። ምን ላኩልን? ፋብሪካው ስድስት ወር ሙሉ ሥራ ፈቶ ተቀመጠ!»

«ቁልፍ አዘዛችሁ፤ ቁልፍ ላክን!»

«አልላካችሁም!»

«ልከናል!»

«አልላካችሁም!»

ድምፁ እየጋለ ሄደ። ሃሎ ወዲህ ወዲያ ስትመላለስ ቆይታ ድንገት አፏ ተከፍቶ ቀረ። አንድ ጠዋት መስመር ሲፈትሹ የማዶዋ የሸሚዟ ቁልፍ ተበጥሶ ሰሌዳው ሥር ተንከባሎባት ነበር። ሩቡን ሰዓት ሙሉ ወለል ላይ ተንበርክካ ስትፈልገው፣ ከሥር ሆና የጮኸችው ቃል ዛሬ ሰውዬው የሚለው ቃል አይደለም። በዚያ አገር ልብስ የሚቆለፍበት ሌላ፣ በር የሚከፈትበት ሌላ ነው!

ለመጀመሪያ ጊዜ ወንበሯን አዞረችና ሰዎቹን ፊት ለፊት አየቻቸው።

«ክቡር ሚኒስትር፣ የምን ቁልፍ ነበር?»

«ምን ማለት ነው የምን ቁልፍ? የሸሚዝ ነዋ! የልብስ ፋብሪካ ሸሚዝ በምን ይዘጋል?»

ወደ እንግዳው ዞራ «አንተስ የላክኸው የቱን ነው?» ብትለው፣ ከኪሱ የሻንጣውን ቁልፍ አውጥቶ ቅጭል ቅጭል አደረገው።

በዚህ ጊዜ ሃሎን ያ ሳቋ መጣባት። ልትተረጉም አፏን ትከፍታለች፣ ሳቅ ይወጣል፤ በእጇ ትዘጋዋለች፣ በአፍንጫዋ ይወጣል። «ሸ… ሸሚዝ…» ትልና ትንፋሿ ያጥራል። እንግዶቹ ምን እንደሆነ ሳያውቁ ሳቋ ተጋባባቸው። ሚኒስትሩ ኮስተር ለማለት ሞከሩ፤ ትከሻቸው ግን ከዳቸው። አሥራ ስድስት ሰዎች የሚስቁበትን ሳያውቁ እንባ በእንባ ሆኑ። በመጨረሻ ሃሎ በሳቅ እየተንገዳገደች መጥታ፣ በአንድ እጇ የሚኒስትሩን የኮት ቁልፍ፣ በሌላው የእንግዳውን የሻንጣ ቁልፍ ይዛ፣

«ይኼም ቁልፍ፣ ይኼም ቁልፍ!» አለች፤ በእኛ ቋንቋ የሁለቱም ስም አንድ መሆኑን ለእንግዶቹም በቋንቋቸው ነገረቻቸው።

ያን ጊዜ አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ሚኒስትሩ ጠረጴዛው ላይ ተደፉ። የእንግዶቹ አለቃ በቀጭን ድምፁ እየተንጫጫ፣ «ጋዜጦቻችን ሳምንት ሙሉ ጽፈውባችኋል! ጓጉንቸሩን ትተው ቁልፉን ብቻ አርባ ሣጥን የሚያዝዙ ሰዎች ምን ዓይነት ሰዎች ናቸው ብለን ነበር። መዝጋት የማይወዱ ደግ ሕዝብ ይሆናሉ ያሉም አሉ!» ይላል።

«እኛ ደግሞ፣» አሉ ሚኒስትሩ ዓይናቸውን እየጠረጉ፣ «አፋችሁን ቆልፉ ማለታቸው ነው ብለን!»

ይኼን ጊዜ ሽማግሌው ሊቅ ከጥግ ተነሡ።

«ያን ትእዛዝ የተረጎምኩት እኔ ነኝ» አሉ። «መጽሐፌ ላይ ያለው ቁልፍ አንድ ብቻ ነው። አዝራር ብላችሁ ጽፋችሁ ቢሆን ኖሮም አልጠቅማችሁም ነበር፤ በዚያ ዘመን ሰዎቹ ልብሳቸውን የሚያስሩት በገመድ ነው።»

«እንኳንም አዝራር አላልን!» አሉ ሚኒስትሩ። «አርባ ሣጥን ገመድ ይመጣልን ነበር።»

የእንግዶቹ አለቃ ሃሎ ሁሉንም ስትነግረው ሄዶ ሽማግሌውን እንደ ሕፃን አቅፎ ከመሬት አነሣቸው። ሊቁም ከላይ ሆነው አንድ የሦስት መቶ ዓመት ምርቃት መረቁት።

ውሉ በሦስተኛው ቀን ተፈረመ። የእኛዎቹ ቆዳና ሰም ሊልኩ፣ እነዚያ የውኃ ሞተርና የሸሚዝ ቁልፍ፣ «የሸሚዝ» የሚለው ቃል ሁለት ጊዜ ተሰምሮበት፣ ሊልኩ። እነዚያ አርባ ሣጥኖችም ጉምሩክ መጋዘን ውስጥ ሳይነኩ ተገኙ። ጓጉንቸሮቻቸው ደግሞ በዚያ አገር መጋዘን ስምንት ዓመት «አንድ ቀን ይጠይቁናል» ተብለው ተቀምጠው ኖሯል። በሚቀጥለው መርከብ መጥተው ከቁልፎቻቸው ጋር ተገናኙ፤ እስከ ዛሬ የከተማችን ሱቅ ሁሉ የሚዘጋው በነሱ ነው።

ሚኒስትሩ ሃሎን አስጠርተው «ምን እናድርግልዎ?» አሏት። ቤት ልትጠይቅ ትችል ነበር፤ ሹመትም ቢሆን። እሷ ግን ጫማዋን እያየች፣ «ጠዋት ጠዋት ያቺን ሩብ ሰዓት ሳልፈራ እንዳወራባት ይፈቀድልኝ» አለች። በማኅተም የተዘጋ ደብዳቤ መጣ። ጋሼ ጸጥታ ቆመው ጮክ ብለው አነበቡልን፤ ሲጨርሱ መነጽራቸውን አፍንጫቸው ላይ ከፍ አደረጉና «እኔ እንግዲህ ሰባት ሲባል ቁጥር ነው ብዬ የኖርኩት ሰው!» አሉ። መነጽራቸው ጭጋግ ስለለበሰ ተቆጥተው ይሁን ተደስተው አልታወቀም።

የእንግዶቹ አለቃም አገሩ ሲገባ መጀመሪያ የሄደው ወደ ስልክ ማዞሪያው ነው። ከሰባት ወር በኋላ ለሁለተኛው ድርድር ሲመለስ የማዶዋን በአስተርጓሚነት ይዟት መጣ።

አውሮፕላን ማረፊያ የሄድነው አራት ነን፤ ሃሎ፣ ሰዓት ሠሪው፣ ጋሼ ጸጥታና እኔ። ሃሎ የማዶዋን ከድምፅዋ ተነሥታ ቀጭን፣ አጭር፣ ወፍ የምታህል ሴት አድርጋ ነበር በልቧ የሣለቻት። የወጣችው ሴት በሩን በጎን ነው ያለፈችው። የማዶዋ ደግሞ ሃሎን ወፍራም አድርጋ ስላሰበቻት አጠገቧ ያለሁትን እኔን አቀፈችኝ። «እኔ አይደለሁም! እሷ ናት!» ብዬ ስጮህ ሰዓት ሠሪው በሳቅ ባርኔጣው ወደቀ። ከዚያ ተያዩ። አሥራ አንድ ዓመት በሁለት ቋንቋ ያወሩ ሰዎች በአንዱም አንድ ቃል ሳይወጣቸው፣ እጅ ለእጅ ተያይዘው፣ እየሳቁ፣ የሰውን ሻንጣ መንገድ ዘግተው ቆሙ።

በማግስቱ የማዶዋ የሚኒስቴሩን ደረጃ ስትወጣ የጫማዋ ተረከዝ ተሰበረ። ሦስታችን ጫማ ተራ ሄድን። እግሯ እንደ ቁመናዋ ነው፤ የአንዱን ባለ ሱቅ መደርደሪያ ሁሉ ሞከረች፣ አንዱም አልገባ አለ። ሰውዬው በመጨረሻ ከላይ አንድ ቡናማ የወንድ ጫማ አወረደ፤ ልክክ አለ! ዋጋውን ነገራት። የማዶዋ የእኛን ቋንቋ የምታውቀው ከሃሎ ነውና ቀና ብላ፣ ፍጹም በሆነ ጨዋነት፣

«አልተሰማም፤ ይድገሙት» አለችው።

ሰውዬው ደነገጠ፤ ዝቅ አድርጎ ነገራት።

«መስመሩ ጥሩ አይደለም፤ ይድገሙት።»

እንደገና ዝቅ አደረገው። ሃሎና እኔ የሱቁን ግድግዳ ተደግፈን ተንሸራተን ወለሉ ላይ ቁጭ ብለናል። በአራተኛው «ይድገሙት» ላይ ሰውዬው እጁን ወደ ላይ አንሥቶ «እመቤቴ፣ ከዚህ በታች ከደገምኩት ካልሲም ልጨምርልዎ ነው!» አለ። ጨመረላት።

በቡናማ የወንድ ጫማዋ ወደ ድርድሩ አዳራሽ ገባች። የእንግዶቹ አለቃ ውሉን ሊፈርም ሲል ዓይኑ ወለሉ ላይ ዐረፈ። ቆዳው የማን ነው? የእኛ፣ አሉት ሚኒስትሩ። ስፌቱስ? የእኛው። ምቹ ነው ወይ? የማዶዋ እግሯን ዘርግታ አሳየችው። በአገሩ የሴቱ ሁሉ እግር እንደሷ ኖሯል፤ ሴቶቹም ዕድሜ ልካቸውን ጠባብ ጫማ እያደረጉ ሲያነክሱ ነው የኖሩት። እዚያው በእጁ ጽሕፈት ከውሉ ሥር አንድ መስመር ጨመረበት፤ ሁለት ሺህ ጥንድ የወንድ ጫማ፣ ቡናማ፣ ለሴቶች።